የአልቫሮ ልጅ ማን ነው?

የፖርቱጋልን ስሞች የሚፈቱ መዛግብተ ስም «አልቫሬዝ፦ የአልቫሮ ልጅ» ብለው ወደሚቀጥለው ስም ያልፋሉ። ፍቺው ሐሰት አይደለም፤ ግን ከሚገባው በላይ ታምኖበታል። ከሰው ስም ቀጥሎ የአባት ስም ማንበብ ለለመደው ለእኛ አንባቢ ደግሞ ወጥመዱ ይብሳል። በልብነ ድንግል ዘመን ከ1520 እስከ 1526 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) አገራችን ቆይቶ ያየውን የጻፈው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፣ ሳናስበው አልቫሮ የሚባል አባት ይበጅለታል።

ስሙ በእርግጥ አባት ይጠራ የነበረበት ዘመን አለ። በ1385 አልዡባሮታ ላይ የካስቲላን ጦር ድል የነሳው የጦር መሪ ኑኖ አልቫሬዝ ፔሬይራ ይባላል። አባቱ አልቫሮ ጎንሳልቬዝ ፔሬይራ፣ አያቱ የብራጋው ሊቀ ጳጳስ ጎንሳሎ ፔሬይራ ናቸው። መካከለኛው ስም በየትውልዱ ይለወጣል፤ ፔሬይራ ግን እንደ ርስት ይወርዳል። ይህን የዘር ሐረግ የእኛ ሰው ያለ አስተርጓሚ ይቆጥረዋል።

በ1500 ብራዚል የደረሰውን ፔድሮ አልቫሬዝ ካብራልን ስንቆጥር ግን ሐረጉ ይበጠሳል። አባቱ ፈርናኦ ካብራል ነው፤ በድሮው ልማድ ፈርናንዴዝ መባል ነበረበት። እውነተኛውን አልቫሮ ለማግኘት እስከ ቅድመ አያቱ አባት መውጣት ግድ ይላል። አንዱ አልቫሬዝ አባቱን ይጠራል፤ ሌላው ከቤተሰቡ የወረሰውን ይሸከማል። በፊደል አይለያዩም፤ ዘመናቸው ካልተጠየቀ መዝገቡ ሁለቱን አንድ ያደርጋቸዋል።

ከሁሉ ይልቅ የሚገርመኝ የስሙ ጭራ ነው። አንዳንድ ጠንቃቆች «ዝ» የስፔን ነው፣ ሊዝበን «ሽ» ነው የምትለው እያሉ ያርሙናል። የሊዝበንን አነጋገር በተመለከተ ልክ ናቸው። ነገር ግን የቄሱ መጽሐፍ በ1540 ሊዝበን ሲታተም ርእሱ ላይ የሰፈረው ስም የሚያልቀው በዚያው በ«ዝ» ፊደል ነው፤ የዛሬውን አጻጻፍ ያጸናው የ1911 የፊደል ማሻሻያ ነው። እኔም «ዝ»ን የያዝኩት ስለዚህ ነው። የእኛ ስሕተት ሌላ ቦታ ነው፦ እኛ «ሬዝ»ን አጥብቀን እንጠራለን፤ ፖርቱጋሎች መጀመሪያውን «አል» አጽንተው ጭራውን ይውጡታል። ልጅነትን ያዘለ የተባለው ክፍል ባለቤቶቹ አፍ ውስጥ የሚሟሟው ነው።

ለመሆኑ ጭራው «ልጅ» ይላልን? ምንጩ አከራካሪ ቢሆንም ብዙዎች የሚደግፉት ማብራሪያ ወደ ላቲን አገናዛቢ ይመልሰናል፤ «ሮደሪኪ» ማለት «የሮድሪጎ» ማለት ብቻ ነው። በዚህ ከሄድን «ልጅ» የሚል ቃል በስሙ ውስጥ የለም። ያለው «የ» ነው፤ «ልጅ»ን የጨመረበት ቤተሰቡና መንደሩ ነው።

ይህች «የ» ከመንደሯ ስትወጣ ምን እንደሆነች መዛግብቱ አይነግሩንም። በ1497 በግድ የተጠመቁ የፖርቱጋል አይሁድ ሮድሪጌዝ፣ ኤንሪኬዝ፣ ሜንዴዝ ሆኑ። ጎዋ ላይ የተጠመቁ ሕንዶች የክርስትና አባታቸውን ወይም የአጥማቂውን ቄስ ስም ወሰዱ፤ ፈርናንዴዝ ዛሬም በዚያ የተለመደ ስም ነው። ብራዚል ውስጥ የጌታቸው ስም የተሰጣቸው ባሪያዎች ነበሩ። ለእነዚህ ሰዎች «የፈርናንዶ ልጅ» የሚለው ፍቺ ቀልድ ነው፤ የወለዳቸው አባት ስም የተፋቀው በዚሁ ስም ነውና። «የ» እዚያ ወደ ጥንት ሥራዋ ተመልሳለች፤ የምትናገረው የማን ልጅ እንደሆኑ ሳይሆን የማን እንደተባሉ ነው።