ወርቅ የሌለው ሰም፦ ስለ ሁለት ሱሪያሊስት አጫጭር ፊልሞች

ሱሪያሊስት አጭር ፊልም የተመለከተ የአማርኛ ሐያሲ አስቀድሞ የሚጠይቀው «ወርቁ ምንድን ነው?» ብሎ ነው። በቅኔ የተገራ አእምሮ ከሰሙ ሥር አንድ የተሸሸገ ፍቺ መኖሩን አይጠራጠርም። በእኔ እምነት ግን ይህ ጥያቄ ፊልሞቹን ከማብራት ይልቅ ያደበዝዛቸዋል።

ሉዊስ ቡኙኤልና ሳልቫዶር ዳሊ እ.ኤ.አ. በ1929 ለእይታ ያበቁትን «የአንዳሉሲያ ውሻ» እንመልከት። ደራሲዎቹ ጽሑፉን ሲያዘጋጁ በአመክንዮ ሊፈታ የሚችልን ምስል ሁሉ ላለመቀበል ተስማምተው ነበር። ፊልሙ እንደ ተረት «ከዕለታት አንድ ቀን» ብሎ ይጀምራል፤ ቀጥሎ ስምንት ዓመት ወደፊት፣ ኋላም ዐሥራ ስድስት ዓመት ወደኋላ እንደ ሄደ በጽሑፍ ያስታውቃል። ሰዎቹ ግን አላረጁም፤ ክፍሉም ያው ነው። ሴትየዋ ከፎቅ መኖሪያዋ በር ስትወጣ ባሕር ዳርቻ ላይ ትገኛለች።

ብዙ የተባለለት የመክፈቻው ትዕይንት ነው። ሰውየው ምላጩን ወደ ሴቲቱ ዓይን ያስጠጋል፤ ቀጭን ደመና ጨረቃን አቋርጦ ያልፋል፤ ከዚያም ዓይን ሲሰነጠቅ እናያለን። የተሰነጠቀው የሞተ ጥጃ ዓይን ነው። የሴቲቱን ፊትና ቁስሉን ያገናኘው የተመልካቹ አእምሮ ስለሆነ፣ የሚዘገንነው ራሱ የፈጸመው ስፌት ነው። «እውነታን ያሳያል» የምንለው ፊልምም የቆመው በዚሁ ስፌት ላይ ነው፤ እዚያ ክሩ አይታየንም እንጂ።

ማያ ዴረን ከአሌክሳንደር ሀሚድ ጋር እ.ኤ.አ. በ1943 በሠራችው «የከሰዓት በኋላ መረቦች» ይኸው ነገር በእርጋታ ይከናወናል። ቢላ የያዘችው ሴት ከጠረጴዛ ተነሥታ ወደ ተኛችው ራሷ ስታመራ፣ የመጀመሪያው እርምጃዋ አሸዋ፣ የመጨረሻው የቤት ምንጣፍ ይረግጣል። አካሄዷ አልተቋረጠም፤ የተቋረጠው ምድሩ ነው። ከቅኔ የምንዋሰው ካለ እንግዲህ ኅብረ ቃሉን ነው፦ አንድ ቃል ሁለት ትርጉም እንደሚሸከም፣ አንድ እንቅስቃሴ ሁለት ስፍራ ይሸከማል። ከሁለቱ የትኛው ወርቅ እንደሆነ የሚወስንልን ግን የለም። (ዴረን ራሷ የሱሪያሊስትነትን ስያሜ አልተቀበለችም፤ ሥራዋን እዚህ የሚያስገባው ግን ይህ እርምጃ ነው።)

«ሁሉም ሕልም ነበር» የሚለው ንባብ መጨረሻው ላይ ይሰናከላል። ሰውየው ወደ ቤት ሲገባ ሴቲቱን ወንበሯ ላይ ሞታ ያገኛታል፤ የተሰበረ መስተዋት ስብርባሪና የባሕር አረም አካሏ ላይ አሉ።