የፍሬሙ ጠርዝ፦ ቀይ ቀበሮን በሳነቴ ስለ መቅረጽ

ፍሬም የሚባለው የካሜራው ሌንስ ከሰፊው መልክዓ ምድር ቆርጦ የሚያስቀረው አራት ማዕዘን ሲሆን፣ የዱር እንስሳት ዘጋቢ ፊልም ሠሪ የዚህን ጠርዝ ማረፊያ በወሰነ ቁጥር ተመልካቹ ስለ እንስሳው ሕልውና የሚያውቀውንም ይወስናል። ጉዳዩ በባሌ ተራሮች፣ ከባሕር ጠለል በላይ ከ4,000 ሜትር ከፍታ በሚዘረጋው የሳነቴ አምባ ቀይ ቀበሮን ለሚቀርጽ ባለሙያ እጅግ ከባድ ነው።

ቀይ ቀበሮ በቡድን ቢኖርም የሚያድነው ለብቻው ነው፤ በሳነቴ ዋና ምግቡም ከጉድጓዱ አፍ ሳይርቅ ሣር የሚግጠው ትልቁ ፍልፈል ነው። ቀበሮው ጆሮውን አቁሞ፣ ሆዱ መሬት ሊነካ እስኪቃረብ ዝቅ ብሎ፣ ያነሣውን እግር ሳያሳርፍ ይጠብቅና ፍልፈሉ ብቅ ሲል ይወረወርበታል። ይህን ቅጽበት የሚሻ ፊልም ሠሪ ሩቁን አቅርቦ የሚያሳይ ረጅም ሌንስ ይዞ ርቆ ይቀመጣል፤ ቀበሮው ቀና ብሎ ካሜራውን ካየ፣ ምስሉ የቱንም ያህል ቢያምር፣ አደኑ ተቋርጧልና። በጎሬ አጠገብ ደግሞ የተረበሸች እናት ቡችሎቿን ልታዛውር ስለምትችል ርቀቱ ሊሰፋ ይገባል።

ርቆ የተቀመጠ ሰው ግን እረኛውን፣ ከብቱንና ውሻውንም ያያል። ምድሩን ሰው ያልረገጠው ለማስመሰል እነዚህን ከፍሬሙ ማስወጣት ከባድ ስሕተት ነው። ቀበሮው አንዳንዴ በከብት መንጋ ተከልሎ ፍልፈል ያደባል፤ በኦሮምኛ «ጀዳላ ፈርዳ»፣ የፈረስ ቀበሮ፣ መባሉም ሊወልዱ የተቃረቡ ባዝራዎችን ተከትሎ የእንግዴ ልጅ ከመብላቱ ጋር ይያያዛል። ከሁሉም በላይ፣ በዓለም ላይ ቁጥሩ 500 ገደማ ብቻ የሆነውን ይህን እንስሳ በጅምላ የሚፈጀው የእብድ ውሻ በሽታ የሚተላለፍበት ከቤት ውሾች ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1991 እና 1992፣ እንደገናም በ2003 በባሌ የተነሣው ወረርሽኝ በተመቱት አካባቢዎች ከነበሩት ቀበሮዎች ከግማሽ በላዩን ጨርሷል። ውሻውን ከፊልሙ ያስወጣ ባለሙያ የሞቱን ምክንያት አብሮ ያስወጣል፤ ተመልካቹም የውሾች ክትባት ለቀበሮው ለምን እንደሚያስፈልግ ሳይገባው ይቀራል።

እረኛው የውሻውን አንገት አቅፎ፣ አፉን በገመድ አስሮ መርፌ ሲያስወጋ የሚያሳየው ትዕይንት ከአደኑ እኩል ደቂቃ ሊሰጠው፣ በአርትዖትም ከአደኑ ቀጥሎ ሊቀመጥ ይገባል።