በዓሉ የዶጎኖች፣ ትረካው የማን? የዣን ሩሽ የሲጊ ፊልሞች ሂሳዊ ዳሰሳ

ዣን ሩሽ (1917–2004) ከመቶ የሚበልጡ ፊልሞችን የሠራ፣ አብዛኞቹንም በምዕራብ አፍሪካ የቀረጸ ፈረንሳዊ የሥነ ሰብ ተመራማሪና የዘጋቢ ፊልም ባለሙያ ነበር። በማሊ የሚኖሩት ዶጎኖች በየ60 ዓመቱ የሚያከብሩትን የሲጊ በዓል ከባልደረባው ከጀርሜን ዲዬተርለን ጋር መቅረጽ የጀመረው በ1967 ነው (ዓመታቱ በሙሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው)። ሲጊ በባንዲያጋራ ገደል ዙሪያ ካሉ መንደሮች ከአንዱ ወደ ሌላው እየተሸጋገረ ዓመታት ይፈጃል። የዚህ ዳሰሳ መከራከሪያ አንድ ነው፤ በፊልሞቹ ውስጥ ምስሉ ለበዓሉ ባለቤቶች ታማኝ ሲሆን ትረካው ግን ከእነሱ አፍ ተነጥቋል።

በዓሉ በዶጎኖች አፈ ታሪክ በእባብ አምሳል የሞተውን የመጀመሪያ አባት ይዘክራል። ራሳቸውን የተላጩ ወንዶች በዛጎል አጊጠው፣ ሰፋፊ ሱሪ ለብሰው፣ ምርኩዝም መቀመጫም የሚሆን በትር ይዘው በዕድሜ ቅደም ተከተል ይሰለፋሉ። ሰልፉ እየተጥመለመለ ወደ አደባባዩ ይገባል። ሩሽ ካሜራውን ተሸክሞ ከጨፋሪዎቹ ጋር ይራመዳል እንጂ ከሩቅ ቆሞ አይቃኝም። ተመልካቹም ከሽማግሌ እስከ ልጅ ያለውን ትውልድ በአንድ መስመር ሲያይ የበዓሉ ቁም ነገር ያለ ማብራሪያ ይገባዋል። ዕድሜ የሰጠው ሰው እንኳ ሲጊን ከሁለት ጊዜ በላይ አያይም፤ ስለዚህ በልጅነቱ ያየ ላላየው ማስረከብ አለበት።

ችግሩ ጎልቶ የሚታየው የየዓመቱ ቀረጻ በ1981 በአንድ ፊልም ሲጠቃለል ነው። የየመንደሩ ክዋኔ ተገጣጥሞ አንድ ወጥ ተረት ይሆናል፤ ማሰሪያውም የሥነ ሰብ ተመራማሪው ማርሴል ግሪዮልና ዲዬተርለን ያደራጁት የዶጎን ሥነ ፍጥረት ነው። ሌላው የሥነ ሰብ ተመራማሪ ዋልተር ቫን ቤክ በ1991 ባሳተመው ጥናት ግን ግሪዮል ከዘገበው ተረት አብዛኛውን ከዶጎኖች ዘንድ እንዳላገኘው ጽፏል። ጥናቱ ብዙ ቢያከራክርም፣ ትረካው በአንድ የምርምር ወገን ትርጓሜ ላይ መቆሙን ያጋልጣል።

ሩሽ የባለቤቶችን እርማት ዋጋ አያውቅም ነበር ማለት አይደለም። በ1954 ኒጀር ውስጥ አዮሩ በተባለች መንደር የጉማሬ አደን ፊልሙን ለአዳኞቹ አሳይቶ ነበር። እነሱም በአደኑ ትዕይንት ላይ የጨመረውን ሙዚቃ ነቀፉ፤ አደን ጸጥታ ይሻል፣ ጉማሬውም ሰምቶ ያመልጣል አሉት። ሩሽ ሙዚቃውን አወጣው። የሲጊው ማጠቃለያ የጎደለው ይህን የመሰለ፣ በትረካው ላይ የሚታይ የባለቤቶች እርማት ነው።

ጉዳዩ ለእኛም ባዳ አይደለም። ከ1931 እስከ 1933 የዘለቀውን የዳካር–ጅቡቲ የጥናት ጉዞ የመራው ይኸው ግሪዮል ነው። ቡድኑ በ1932 ጎንደር ሲሰነብት አባሉ ሚሼል ሌሪስ የዛር ሥርዓትን አጥንቷል፤ ከአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን የተነሡት ሥዕሎችም ፓሪስ ገብተው ቀርተዋል። ዛሬ ጥምቀትን፣ ኢሬቻን ወይም ፍቼ ጨምበላላን የሚቀርጹት አብዛኞቹ የራሳችን ልጆች ናቸው። የአገር ልጅነት ግን ብቻውን ትረካን ከባለቤቶቹ ከመንጠቅ ስሕተት አያድንም። ስለዚህ ፊልም ሠሪዎቻችን ሥራቸው ለሕዝብ ከመቅረቡ በፊት በበዓሉ ባለቤቶች ፊት ያሳዩት፤ ትረካውንም ያሳርሙ።