ፀሐይ በማይደርስበት ዘመን መቁጠር

ለልብ ወለድ ዓለም የቀን መቁጠሪያ መፍጠር የቆየ ሙያ ነው። ጄ. አር. አር. ቶልኪን ለሆቢቶቹ ያዘጋጀው አቆጣጠር ባለ 30 ቀን 12 ወራትና ከወራቱ ውጭ የሚቆሙ 5 ቀናት አሉት፤ ጳጉሜን ለሚያውቅ አንባቢ አሠራሩ እንግዳ አይሆንበትም። ቶማስ ጋንጋሌ እ.ኤ.አ. በ1985 ለማርስ የነደፈው ደግሞ ዓመቱን በ24 ወራት ይከፍላል። ሁለቱም በጥንቃቄ የተሠሩ ናቸው። ለሁለቱም ግን ፀሐይ ትወጣለች፣ ትጠልቃለች። ከባሕር ገጽ 1,000 ሜትር ያህል ዝቅ ሲባል የቀን ብርሃን የሚባል ነገር ያበቃል። በዚያ ጨለማ ውስጥ ሕዝብ ያሰፈረ ደራሲ «ወር» ወይም «ዓመት» ሲል ምን ማለቱ እንደሆነ ሊያሳየን ይገባል። የእኛኑ ወራት በዓሣ ስም ጠርቶ ማለፍ አይበቃም።

ኤች. ጂ. ዌልስ እ.ኤ.አ. በ1896 ያሳተመው «በጥልቁ ውስጥ» የተሰኘው አጭር ልብ ወለድ ለዚህ ጥያቄ በጣም ቀርቦ ነበር። ኤልስቴድ የተባለ ሰው በብረት ሉል ውስጥ ተዘግቶ አምስት ማይል ያህል ወደ ታች ይወርዳል። መመለሻው በሰዓት መሣሪያ የተሰላ ነው፤ ግማሽ ሰዓት ሲሞላ ሉሉን ከክብደቱ ጋር ያያዘው ገመድ ይቆረጣል። ታች ግን ከተማ ይጠብቀዋል። ቤቶቹ የተሠሩት ውሃ ከጠጣ እንጨት፣ ከተጠማዘዘ የብረት ገመድ፣ ከመዳብና ከሰጠሙ ሰዎች አጥንት ነው። ነዋሪዎቹ ሉሉን ጎትተው ወስደው ይሰግዱለታል። ከመካከላቸው አንዱ፣ ቅርፊት የለበሰና የሚያበራ አክሊል የደፋ፣ አፉን እየከፈተና እየዘጋ ዝማሬውን የሚመራ ይመስላል።

ይህ ከተማ ከላይ ከወደቀ ነገር ብቻ የተገነባ ነው። ግድግዳው ራሱ የታሪክ መዝገብ ነው፦ የትኛው መርከብ ቀድሞ ሰጠመ፣ የትኛው ኋላ መጣ፣ ሁሉም በዚያ ተደርድሯል። ሆኖም ዌልስ ለነዋሪዎቹ ቤትና አምልኮ ሰጥቶ ጊዜ ነፈጋቸው። እዚያ ታች ያለው ብቸኛ ሰዓት ከላይ የወረደው የኤልስቴድ ነው። የድርሰቱ ትልቁ ጉድለት ይህ ይመስለኛል። ሕዝቡ የራሱ ቀጠሮ ስለሌለው፣ የሉሉ መውረድ ለእነሱ ምን ዓይነት ዕለት ላይ እንደዋለ ልናውቅ አንችልም።

ጥልቁ ባሕር በእርግጥ ጊዜ የማይታወቅበት ቢሆን ኖሮ ደራሲውን መውቀስ ባልተገባ ነበር። ነገሩ ግን ሌላ ነው። ከአዞረስ ደሴቶች ደቡብ ምዕራብ፣ 1,700 ሜትር ያህል ጥልቀት ላይ፣ ከባሕሩ ወለል ፍል ውሃ በሚፈልቅበት ሥፍራ ባለ ሁለት ክዳን ዛጎል እንስሳት ይኖራሉ። እ.ኤ.አ. በ2020 የታተመ ጥናት እንዳሳየው ዛጎላቸው የሚከፈተውና የሚዘጋው፣ የአንዳንድ ጂኖቻቸውም ሥራ ከፍ ዝቅ የሚለው፣ ከባሕሩ ሙላትና ጉድለት ጋር ነው። ጨረቃን አይተዋት አያውቁም፤ በየ12 ሰዓት ከ25 ደቂቃው ግን የእሷ ጉተታ ይደርሳቸዋል።

እንግዲህ በምናባችን ላለው ሥልጣኔ አንድ ሙላት እንደ ዕለት ይቆጠርለት። 57 ሙላት ሲያልፍ ጨረቃ ዙሯን ትጨርሳለች፤ በዚህ መካከል የውሃው ኃይል ሁለት ጊዜ ይበረታል፣ ሁለት ጊዜ ይለዝባል። ወር፣ ሰማይ ሳይታይ፣ ተገኘ ማለት ነው።

አስቸጋሪው ዓመት ነው። ወቅትን ወደ ታች የሚያደርሰው ሳይንቲስቶች የባሕር በረዶ የሚሉት ነው፦ የሞቱ ጥቃቅን ዕፅዋትና የእንስሳት ኩስ ተጣብቀው ቀስ እያሉ የሚወርዱት። ከአየርላንድ ደቡብ ምዕራብ በሚገኘው የፖርኩፓይን ጥልቅ ሜዳ፣ 4,850 ሜትር ገደማ ወደ ታች፣ በአውሮፓ ፀደይ ላይኛው ውሃ ላይ የለመለመው ዕፅ ቅሪቱ ወለሉን የሚነካው ከሳምንታት በኋላ ነው። መጠኑም ከዓመት ዓመት ይለያያል። ስለዚህ ዓመቱ የሚጀምረው ምግብ ሲደርስ ነው፤ ምግቡ ደግሞ ቀን ቆርጦ አይመጣም።

በአንድ የፀሐይ ዓመት ውስጥ 706 ያህል ሙላት አለ። ከዚህ 12 ወራት 684ቱን ሲወስዱ 22 ሙላት ይተርፋል። የእኛ ባሕረ ሐሳብ ተመሳሳይ ትርፍን በ19 ዓመት ዑደት ያስታርቃል፤ አበቅቴና መጥቅዕ የተባሉት ቁጥሮቹ ተደምረው 30 ስለሚሆኑ በዓላቱ ገና ሳይደርሱ ይታወቃሉ። የረመዳን መግቢያ ግን እስከ ዛሬ ድረስ ጨረቃ ታየች የሚል ምስክር ይጠበቅበታል። ኢትዮጵያዊ አንባቢ ከሁለቱም ጋር ስለኖረ የጥልቁን አቆጣጠር ለመረዳት የተሻለ ቦታ ላይ ነው ብዬ አምናለሁ፦ ወሩ በስሌት የሚታወቅ፣ ዓመቱ በምስክር የሚገባ ነው። በረዶው ሲዘገይ 13ኛ ወር ይጨመራል። ይህን የሚያውጅ ሰው ያስፈልጋል፤ የዌልስ ባለ አክሊል ሥራ ያገኘው ገና አሁን ነው። የረሃብ ዓመት ሲሆን «ዓመቱ ገና አልገባም» ማለት ይችላል። ግብር የሚሰበስበውም እሱ ከሆነ፣ የቀን መቁጠሪያው ሰንጠረዥ መሆኑ ቀርቶ የድርሰቱ ዋና ግጭት ይሆናል።

ከዚያም ጎረቤቶቹ አሉ። በፍል ውሃው ዙሪያ ያለው ኑሮ በዋናነት የቆመው ከምድር ውስጥ በሚወጣ ኬሚካል ላይ ስለሆነ፣ ለእነዚያ ሰዎች በረዶው ዘመን አይሆንላቸውም። የእነሱን ዘመን የሚከፍተው እሳት ነው። በምሥራቅ ፓስፊክ የባሕር ወለል ሸንተረር ላይ በ9 ዲግሪ ሰሜን አካባቢ እ.ኤ.አ. በ1991 የፈነዳው እሳተ ገሞራ በ2005 እና በ2006 መካከል እንደገና ፈንድቶ የእንስሳቱን መንደር በላቫ ቀብሮታል። እንዲህ ባለ ሥፍራ የሚኖር ሰው ዕድሜውን የሚቆጥረው ካለፈው ቃጠሎ ተነሥቶ ነው፤ መጪው መቼ እንደሚሆን የሚነግረው የለም። የሜዳው ሰው ከፍል ውሃው ሰው ዕቃ ቢበደር «በሚቀጥለው ዓመት እከፍላለሁ» ሊለው አይችልም። ውላቸው የሚጻፈው ሁለቱም በሚያውቁት ነው፦ ይህን ያህል ጊዜ 57 ሙላት።