የዛር ጥናትና ፍትሐት ያላገኙ ሙታን

ስለ ኢትዮጵያ ዛር ከተጻፉት የውጭ አገር ጥናቶች መካከል ብዙ ጊዜ የሚጠቀሱት ሁለቱ በአንድ ዓመት፣ ማለትም እንደ አውሮጳ አቆጣጠር በ1958 የታተሙ ናቸው። አንዱ የሳይሞን ሜሲንግ፣ ሁለተኛው የፈረንሳዊው የሚሼል ሌሪስ ነው። ሁለቱም ነገሩን ያጠኑት በጎንደር ነበር። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ሁለቱን ጥናቶች ከዋግ ሆኖ መመርመር ነው፤ ይኸውም በጎንደር ልክ የተሰፋው ልብስ ለሰቆጣ ሰው ይሆን እንደ ሆነ ለማየት ነው።

የሜሲንግ አሳብ በአጭሩ ይህ ነው። በዛር የሚያዙት አብዛኞቹ ባለትዳር ሴቶች ናቸው፤ እነርሱም እንጨት ለቅመው ውሃ ቀድተው የሚኖሩ፣ የሚያስባቸው የሌለ፣ በቤተ ክርስቲያንም ዘንድ ስፍራቸው የጠበበ ናቸው። ሴቲቱ በታመመች ጊዜ ግን ነገሩ ይገለበጣል። ባል ለሚስቱ የነፈገውን ለዛሩ ይሰጣል፤ ቡናው ይፈላል፣ ዕጣኑ ይጨሳል፣ ዶሮው ይታረዳል። ዛሩም እንደ ጋኔን ተገሥጾ አይባረርም፤ ስሙ ተጠይቆ፣ ፈቃዱ ታውቆ፣ ግብሩ እየተከፈለው ይታረቃል እንጂ። የዛሩ «ፈረስ» የምትባለው ሴትም ከማኅበሩ ገብታ ባልንጀራና ማዕረግ ታገኛለች። ስለዚህ ሜሲንግ ዛርን ሰዎች በኅብረት የሚታከሙበት ሕክምናና ዝቅ ያለው ሰው ከፍ የሚልበት መሰላል አድርጎ ያየዋል።

ሌሪስ በ1932 እ.አ.አ. በአባ ጀሮም አስተርጓሚነት በጎንደር ከመልካም አየሁ ቤት እየተመላለሰ ያየውን ጽፏል። በእርሱ ዘንድ ዛር አንድ ዓይነት ቴአትር ነው፤ ነገር ግን ተዋናዩ የሚኖርበት እንጂ ለተመልካች ብቻ የሚጫወተው አይደለም። ባለዛሩ አንዱን ጠባይ ለብሶ ሌላውን ያወልቃል፤ በራሱ አፍ ሊናገር የማይደፍረውን በዛሩ አፍ ይናገራል።

የሁለቱ ሰዎች ሥራ ሊመሰገን ይገባዋል። ጸሐፊው በተማረበት የሚስዮን ትምህርት ቤት ዛር «የሰይጣን ሥራ ነው» ተብሎ በአንድ ዐረፍተ ነገር ይዘጋ ነበር። እነርሱ ግን አልዘጉትም፤ በሽታው ለሴቲቱ ምን እንደሚሠራላት ጠየቁ። ጥያቄው ትክክለኛ ነው። ጉድለቱ መልሱ ከቤቱ ደጃፍ አለማለፉ ነው። የሴቲቱ ጭንቀት ሁሉ ከባልዋ ከጀመረ፣ ከባልዋና ከቄሱ በላይ ያለው ኃይል አይታይም፤ ጭንቀቱም ከቅናትና ከመረሳት በቀር ሌላ ምንጭ የሌለው ይመስላል።

አሁን ወደ ዋግ እንመለስ። ይህ አገር የወሎ አውራጃ በነበረበት ዘመን በ1965 ዓ.ም. በወሎ ረሃብ ሲገባ መንግሥት ወሬውን ሸሸገ። በ1977 ዓ.ም. ረሃብ ሲመለስ ደርግ በመስከረም የአብዮቱን ዐሥረኛ ዓመት በታላቅ ወጪ ያከብር ነበር፤ በጥቅምት ግን የኮረም መጠለያ ለዓለም ሁሉ ታየ። ከዋግም ብዙ ሕዝብ በእግሩ ወደዚያ ተሰዶ ነበር። በ2013 ዓ.ም. ክረምት ደግሞ ከሰሜን የተነሣው ጦርነት ወደ ዋግ ገባ፤ ከአበርገሌና ከሌሎችም ወረዳዎች ብዙ ሰው ተፈናቀለ። ጥቅምት 23 ቀን 2015 ዓ.ም. በፕሪቶሪያ የሰላም ውል ቢፈረምም ሐዘኑ በውል የሚቆም አይደለም።

በእንዲህ ያለ አገር ሰው የሚያጣው ወገኑን ብቻ አይደለም፤ ወገኑን የሚቀብርበትን ሥርዓት ጭምር ነው። በክርስቲያኑ ልማድ ሙት ይገነዛል፣ ፍትሐት ይደረግለታል፣ በአርባው ቀን ተዝካሩ ይወጣል። ይህ ሁሉ ሳይሆን በመንገድ ዳር የተቀበረ ሰው በሕያዋኑ ላይ እዳ ይሆናል። እዳውንም የጫነችው ሃይማኖት ናት፤ ልታወርደው የምትችለውም እርሷው ናት። የጎንደሩ ጥናት ያላየው የልብ ቁስል ይህ ነው።

ልጅ ሳለሁ በሰፈራችን አንዲት እናት ነበሩ። በ1977 ዓ.ም. ወደ ኮረም ሲሰደዱ ባላቸውንና የዐሥራ ሁለት ዓመት ሴት ልጃቸውን በመንገድ ቀብረዋል። በየዓመቱ ጥቅምት ሲገባ ይይዛቸው ነበር፤ ይንቀጠቀጣሉ፣ እህል አይቀምሱም። የዛር አዋቂ ዘንድ ተወሰዱ፤ አዋቂው የዛሩን ስም ጠየቀ፣ ዶሮም አዘዘ። ጸበል ተወሰዱ፤ አጥማቂው መስቀሉን ይዞ የጋኔኑን ስም ጠየቀ፣ «መቼ ትለቃለህ?» እያለም አስጨነቀው። ከብዙ ዓመት በኋላ የነፍስ አባታቸው መጥተው፣ «የሁለቱን የክርስትና ስም ይንገሩኝና በጸሎት ላስባቸው፤ ድግሱ ይቅር» አሏቸው። እማማ አለቀሱ፤ ሁለቱንም ስም ተናገሩ። ከዚያ በኋላ ሕመሙ ጨርሶ ተዋቸው ለማለት አልችልም፤ ጥቅምት ሲገባ ግን እህል መቅመስ ጀመሩ።

እንግዲህ ሦስት ሰዎች ሦስት ስም ጠየቁ፤ የሙታኑን ስም የጠየቀው ግን አንዱ ብቻ ነው። በእኔ አስተያየት የሃይማኖትና የሥልጣን ነገር የሚመረመረው በዚህ ነው። ለቁስሉ ስም የሚሰጥ ሰው በቁስለኛው ላይ ሥልጣን አለው። ስሙ ዛር ከተባለ ግብሩን አዋቂው ይቀበላል። ስሙ ጋኔን ከተባለ ምስጋናው ለአጥማቂው ነው። ረሃቡም «ስለ ኃጢአታችን የመጣ የእግዚአብሔር ቁጣ» ከተባለ፣ ባላገሩ የራሱን በደል ሲመረምር ያድራል፤ ወሬውን የሸሸገውና በዓሉን የደገሰው ግን ሳይጠየቅ ይቀራል። ቁጣ የሚለው ቃል ለሐዘንተኛው መከራውን ትርጉም ይሰጠዋል፤ ለገዢው ደግሞ ምሕረት ይሆነዋል።

ሞትም ራሱ በማዕረግ የተከፋፈለ ነው። ከሰቆጣ ብዙም ሳይርቅ ባለው በውቅር መስቀለ ክርስቶስ የዋግሹሞች ነው የሚባል ሬሳ ሳይፈርስ በሣጥን ተቀምጧል። የገዢዎቹ ሬሳ በዓለት ቤተ ክርስቲያን ሲጠበቅ፣ የረሃቡ ሙታን ምልክት በሌለው ጉድጓድ ናቸው። ዝምድናው ለገባው ሰው፣ እማማ ያንቀጠቀጣቸው ይህ ልዩነት ጭምር ነው።

«ሜሲንግና ሌሪስ ከ1977 በፊት የጻፉትን ሰዎች በኋላ በደረሰ ነገር መክሰስ ፍርድ አይደለም» የሚል ይኖር ይሆናል። እውነት ነው። ነገር ግን ከእነርሱ በኋላ አይ. ኤም. ሉዊስ በ1971 እ.አ.አ. ባወጣው መጽሐፍ ይህንኑ ዓይነት አሳብ ለብዙ አገር የሚሠራ ደንብ አደረገው፤ በመንፈስ መያዝ የደካሞች፣ ይልቁንም የሴቶች፣ ስውር መሣሪያ ነው የሚል ደንብ። ደንብ የሆነ አሳብ በኋለኛውም ዘመን መፈተን አለበት። ዋግ ሲፈትነው ግማሹ ይቆማል፤ እማማ በሕመማቸው ሰው ሰብስበዋልና። ግማሹ ግን ይወድቃል፤ የፈለጉት ቀሚስም ማዕረግም አልነበረምና።

ከጦርነቱ ወዲህ በየመጠለያው «የሥነ ልቡና ቁስል» የሚል አዲስ ስም እየተለመደ ነው። ጠቃሚ ስም ነው፤ ሆኖም ሰውየውን በሽተኛ ብሎ መዝግቦ የሞቱበትን ካልጠየቀው፣ እርሱም አራተኛ ስም ብቻ ይሆናል። ስለዚህ በዋግ የሚያጠና ተማሪ ከዛሩ ስም በፊት ሦስት ነገር ይጠይቅ፤ ማን ሞተ? ማን ቀበረው? የተዝካሩ እዳስ በማን ላይ ነው? ካህናቱም ድግሱን ትተው ስም የመጥራት ሥልጣን አላቸው። ወጪ የለበትም፤ እኒያ የነፍስ አባት ይህን ያደረጉት ማንም ሳያዛቸው ነው።