ናታን በመድረክ ላይ

«ዳዊትና ኦሪዮን» በ1948 ዓመተ ምሕረት፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የዘውድ 25ኛ ዓመት በዓል፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር የሚባለው የአዲስ አበባ ቤት የተከፈተበት ድርሰት ነው። ደራሲው ራስ ቢትወደድ መኮንን እንዳልካቸው በዚያን ጊዜ ጠቅላይ ሚኒስትር ነበሩ። ታሪኩን በመጽሐፈ ሳሙኤል ካልዕ ያነበበ ሰው፣ በንጉሥ በዓል የንጉሥን በደል ማሳየት እንዴት ያለ ነገር እንደሆነ ማሰቡ አይቀርም።

ነገሩም ከዚህ ይጠልቃል። የኢትዮጵያ ነገሥታት ዘራቸውን የቈጠሩበት ሰሎሞን፣ ዳዊት ባሏን አስገድሎ ካገባት ከቤርሳቤህ የተወለደ ነው። ድርሰቱ ግን በእርሷ ስም አልተጠራም፤ ምንም እንኳ ተመልካችን በፍቅር ወሬ መሳብ ይቀል ቢሆን። የተገደለውን ወታደር ከአስገዳዩ ንጉሥ ጋራ በአንዲት «ና» አስተካክሎ አቆመው። ታቦቱና ሠራዊቱ በድንኳን ሳሉ ወደ ቤቱ መግባትን እምቢ ላለ ታማኝ ይህ ክብር አይበዛበትም።

አስቀድሞ በንግሥት ዘውዲቱ ዘመን የተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም «ፋቡላ» ታይቶ ታግዶ ነበር። በአውሬ እየመሰለ ሹማምንትን ሲነካ ሰሙ ስስ፣ ወርቁም ግልጥ ሆነበትና። የመኮንን ሰም ግን መጽሐፍ ቅዱስ ነው፤ ማን ይከለክለዋል? በባሕር ዳር፣ በፔዳ ያለ የቅኔ ሰው ይህን ስልት ያመሰግናል፤ ጉድለቱም አይሰወረውም። ናታን የበጊቱን ምሳሌ ነግሮ ዝም አላለም፤ በደለኛው ማን እንደሆነ ፊት ለፊት ተናገረ። ቴአትር ይህን አይችልም። ወርቁን የሚያወጣው ተመልካቹ ነውና፣ የጥንት እስራኤልን ብቻ አይቶ ወደ ቤቱ የሚመለስ ይኖራል።

ለዚያው በዓል የተሠራው የይሁዳ አንበሳ፣ ያውም የዳዊት ቤት ምልክት፣ ዛሬም ከቴአትሩ ፊት ቆሞአል።