የነፈቃ ምዕራፍና የተዘጋው በር፦ አካልን ነፃ የማውጣት አቤቱታ በትዳር ክርክር ውስጥ

በሲማዳ ወረዳ፣ በወገዳ ከተማ የምትኖር አንዲት እናት ያገባች ልጇ ከቤት እንዳትወጣ፣ ከዘመድም እንዳትገናኝ በባሏ ተከልክላለች እንበል። እናቲቱ አካልን ነፃ ለማውጣት ለፍርድ ቤት ብታመለክት ብዙዎቻችን «በሰው ትዳር ገባች» እንላለን። ለዚህም የምንጠቅሰው በመድረሳ የቀራነውን «ኢሕቲባስ» የሚለውን ቃል ነው። በዚህ ጽሑፍ የምንተቸው ቃሉን የምናስተምርበትን መንገድ ነው።

በሐነፊ መዝሀብ ኢሕቲባስ የሚነሳው በነፈቃ ጉዳይ ነው። ሚስት በባሏ ቤት ራሷን ለትዳሩ ስለሰጠች ቀለቧ፣ ልብሷና መኖሪያዋ በእርሱ ላይ ግዴታ ይሆናሉ። ቃሉ የባልን ዕዳ ምክንያት ያስረዳል እንጂ ቁልፍ አያስጨብጠውም። ያለ አግባብ ከቤት ለወጣች ሴት እንኳ ቁዱሪ የሚሰጠው ፍርድ እስክትመለስ ድረስ ነፈቃ የላትም የሚል ነው። ባል ሚስቱን ከመውጣት ሊከለክል ይችላል የሚሉ ፉቀሃእ መኖራቸውን አንክድም። ነገር ግን እዚያው የቁዱሪ ምዕራፍ ውስጥ በደርስ ላይ ፈጥነን የምናልፈው ነጥብ አለ፦ ባል የሚስቱን ወላጆች ወደ ቤቱ እንዳይገቡ ሊከለክል ይችላል፤ በፈለጉት ጊዜ እንዳያዩዋትና እንዳያነጋግሯት ግን ሊከለክል አይችልም። የመጀመሪያውን ግማሽ አስተምረን ሁለተኛውን የተውን እንደሆነ ጥፋቱ የኪታቡ ሳይሆን የእኛ ነው።

የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 177 እስከ 179 የሚጠይቀው ከዚህ ብዙ አይርቅም። ከሕግ ውጭ የተያዘ ሰው፣ እርሱ ካልቻለም ሌላ ሰው ስለ እርሱ ሆኖ ለከፍተኛ ፍርድ ቤት ያመለክታል። አመልካቹ ያዡ ማን እንደሆነ፣ የተያዘበትን ቦታና ሁኔታ፣ ምስክሮችንም በቃለ መሐላ ይገልጻል። ፍርድ ቤቱም ያዡ ሰውየውን ይዞ ቀርቦ ምክንያቱን እንዲያስረዳ ያዛል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19(4) ስለ ፖሊስና ሕግ አስከባሪ ስለሚናገር አቤቱታው ለፖሊስ ጣቢያ ብቻ የተደነገገ የሚመስላቸው አሉ፤ አንቀጽ 177 ግን ያዡ ፖሊስ ይሁን ባል አይለይም።

የሸሪዓ ፍርድ ቤቶችን ሥልጣን ይነካል የሚለውም ስጋት አያስኬድም። አዋጅ ቁጥር 188/1992 ለፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶች በተከራካሪዎች ፈቃድ የሰጣቸው ጋብቻን፣ ፍቺን፣ ቀለብንና የመሳሰሉትን ነው። አቤቱታው ከእነዚህ አንዱንም አይወስንም። ኒካሑ እንዳለ ይቆያል፤ ሴቲቱ ነፃ ከወጣች በኋላ ወደ ባሏ ልመለስ ብትልም የሚከለክላት የለም።

ጥፋቱ የባሎች ብቻ አይደለም። ወዳ ያገባች ለአካለ መጠን የደረሰች ልጁን «ተይዛብኛለች» የሚል አባትም አለ። በላሆር ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንዲህ ያለ የአባት አቤቱታ ቀርቦ፣ እ.ኤ.አ. በ1997 አብዛኞቹ ዳኞች ለአካለ መጠን የደረሰች ሙስሊም ሴት ያለ ወሊይ ፈቃድ የፈጸመችው ጋብቻ በዚህ ብቻ እንደማይፈርስ ወስነዋል። የሻፊዒ መዝሀብ ወንድሞቻችን ይህን አይቀበሉትም፤ ነገር ግን ያ የኒካሕ ክርክር ነው፣ ልጅቱን በግድ ለመያዝ ማስረጃ አይሆንም። የሕፃን ሐዷናም እንዲሁ በራሱ መዝገብ ሊታይ ይገባዋል።

ከሕጉ የምንነቅፈው ሌላ ነው። አቤቱታውን ለከፍተኛ ፍርድ ቤት ሰጥቶ የመቅረቢያውን ቀን ለዳኛው ይተወዋል። ለወገዳዋ እናት ቅርቧ የወረዳው ፍርድ ቤት ሲሆን የደቡብ ጎንደር ዞን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ያለው ደብረ ታቦር ነው። ቃለ መሐላ አጽፋ፣ የምስክሮችን የመንገድ ወጪ ችላ እስክትደርስ የተዘጋባት ልጅ ምን እንደምትሆን አላህ ያውቃል።

ስለዚህ ከዳኛው አስቀድሞ እበሩ የሚደርሰው የመስጊዱ ኢማም ነው። ከወላጆቿ ጋር ሄዶ፣ ባሏ በማይሰማበት ሊያነጋግሯት ይጠይቅ፤ ቁዱሪ ይህን ፈቅዶላቸዋል። ከተከለከሉም በቃለ መሐላው ላይ ስሙ በምስክርነት የሚጻፈው እርሱ ራሱ ነው።